ዕጣን ለቃሚው ሲሄድ ዛፉን ማን ይጠብቃል?

ቡና በሚፈላበት ቤት ሁሉ ከፍሙ ላይ ዕጣን ጣል ይደረጋል፤ በቤተ ክርስቲያንም ካህኑ ጽናውን ይዞ ሲያጥን ጢሱ እስከ ጣሪያው ይወጣል። ነገር ግን ያ ዕጣን ከወዴት መጣ፣ በማንስ እጅ ተለቀመ ብሎ የሚጠይቅ ሰው እምብዛም አይገኝም። እኛም ብንሆን ከጥቂት ዓመታት በፊት በዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ሳለን፣ ስለ ዕጣን የምናውቀው ከጉልት በትንሽ በትንሹ ተቋጥሮ የሚሸጥ መሆኑን ብቻ ነበር። እንደ ጨውና እንደ በርበሬ የገበያ ዕቃ ይመስለን ነበር እንጂ፣ ከበስተጀርባው ልምድ የሚጠይቅ የእጅ ሙያ መኖሩን ያሰብንበት ጊዜ አልነበረም።

ስለዚህ በዛሬው ጽሑፋችን በሱዳን ጠረፍ፣ በመተማና በምዕራብ ጎንደር ቆላ ስላለው የዕጣን ለቀማ ሙያ ጥቂት ልንናገር አስበናል። ጉዳዩን የመረጥነው የዕጣን መዓዛ ስለሚያስደስተን አይደለም፤ የሙያው አጠፋፍ ከሌሎች የእጅ ጥበቦች አጠፋፍ የተለየ ስለ ሆነና ይህም ልዩነት ነገ በየመሥሪያ ቤቱ ለሚቀመጡት ወጣት ሹማምንት ትምህርት ይሆናል ብለን ስለምናምን ነው።

ስለሚጠፉ የእጅ ጥበቦች በየጊዜው ይጻፋል፤ በየስብሰባውም ይነገራል። አብዛኛውን ጊዜ የሚቀርበው ምክንያት አንድ ነው፤ እርሱም የገዢ መጥፋት ነው። የፋብሪካው ማግ የእናቶቻችንን እንዝርት አሳረፈው፤ የፕላስቲኩ ጀሪካን እንስራውን ከጀርባ ላይ አወረደው፤ ከውጭ አገር የመጣው ቆርቆሮ ድስትም የሸክላውን ድስት ከምድጃው ገፋው። አንዳንድ ጊዜ ደግሞ የሚሄደው ባለሙያው ራሱ ነው። ከጎንደር ከተማ ወጣ ብላ በምትገኘው በወለቃ፣ በሸክላና በብረት ሥራ የታወቁት ቤተ እስራኤሎች በ1977 እና በ1983 ዓ.ም. አብዛኞቹ ወደ እስራኤል ሲሄዱ፣ የእጃቸው ጥበብም አብሮአቸው ሄደ፤ የቀረውን ጎረቤቶቻቸው ይዘውት በመንገድ ዳር ለአላፊ አግዳሚው እየሸጡ ይገኛሉ።

የዕጣን ነገር ግን እንዲህ አይደለም። ገዢ አልጠፋም፤ እንዲያውም የሚፈልገው በዝቷል። ሽቶ ቀማሚው፣ መድኃኒት ሠሪው፣ ቤተ ክርስቲያኑ፣ ባለ ቡናው ሁሉ ይፈልገዋል። ፋብሪካ ተተክቶ ያንኑ ዕጣን በርካሽ አምርቶ ለቃሚውን ሥራ ፈት አላደረገውም፤ ዛሬም ቢሆን ዕጣን የሚገኘው አንድ ሰው ከአንድ ዛፍ ሥር ቆሞ በእጁ ሲልጥ ብቻ ነው። እንግዲህ ገዢ እያለ፣ ተወዳዳሪም ሳይመጣበት፣ ሙያው የሚጠፋው በምን ምክንያት ነው ብሎ መጠየቅ ተገቢ ነው።

በመጀመሪያ አገሩን እንወቀው። ከጎንደር ተነሥቶ በአዘዞና በጭልጋ አድርጎ ወደ ምዕራብ የሚወርደው መንገድ ደጋውን ቀስ በቀስ ይለቅና የምዕራብ ጎንደር ዞን ዋና ከተማ ከሆነችው ከገንዳ ውሃ ይደርሳል። ከዚያም ጥቂት ተጉዞ በመተማ ዮሐንስ ከጠረፉ ላይ ይቆማል፤ ከማዶ ያለችው የሱዳኗ ገላባት ናት። ከደቡብ በኩል የዐፄ ቴዎድሮስ የትውልድ አገር ቋራ ይዋሰናል። ከእኛ ወገን ታሪክ የተማረ ሁሉ መተማን የሚያውቃት በመጋቢት 1881 ዓ.ም. ዐፄ ዮሐንስ አራተኛ ከደርቡሾች ጋር ሲዋጉ የቆሰሉባትና ሕይወታቸውን የሰጡባት ቦታ በመሆኗ ነው። የጦር ሜዳነቷን እንጂ የደን አገር መሆኗን በፈተና ላይ የጠየቀን መምህር አናስታውስም።

የዕጣን ዛፍ በዚህ ቆላ በስፋት ከሚገኙት ዛፎች አንዱ ነው። በሳይንስ ስሙ ቦስዌሊያ ፓፒሪፌራ ይባላል። የኋለኛው ቃል «ወረቀት ተሸካሚ» ማለት ሲሆን፣ ስሙን ያገኘው ከግንዱ ላይ እንደ ወረቀት እየተገሸለጠ ከሚወድቀው ስስ ልጣጭ ነው። ድንጋያማና ደረቅ መሬት ይስማማዋል፤ ሌላው ዛፍ በሚፈራው ተዳፋት ላይም ይቆማል። ክረምቱ ሲያልፍ ቅጠሉን ያራግፋል፤ ለቃሚውም ሥራውን የሚጀምረው ያን ጊዜ ነው።

ሥራው እንደሚከተለው ነው። በመስከረም መጨረሻ ወይም በጥቅምት፣ ለቃሚው እጅ በምትሞላ ስለታም መላጫ፣ ከግንዱ በምሥራቅና በምዕራብ ወገን፣ ከመሬት ግማሽ ሜትር ያህል ከፍ ካለው ቦታ ጀምሮ ሁለት ሳንቲ ሜትር ተኩል ያህል ስፋት ያላቸውን ጥቂት ሥፍራዎች ይልጣል። የመጀመሪያዋ ቁስል ጥልቀት ከአንድ ሚሊ ሜትር እምብዛም አትበልጥም። ዛፉም ቁስሉን ለመሸፈን ወተት የመሰለ ሙጫ ያፈሳል፤ ሙጫውም በአየሩና በፀሐዩ ይደርቃል። ከሁለት ወይም ከሦስት ሳምንት በኋላ ለቃሚው ተመልሶ ይመጣና የደረቀውን ይለቅማል፤ ያችኑ ቁስል ጥቂት አስፍቶ አድሷት ወደሚቀጥለው ዛፍ ያልፋል። እንዲህ እያለ እስከ ግንቦት፣ አንዳንድ ጊዜም እስከ ሰኔ ድረስ ከስምንት እስከ አሥራ ሁለት ዙር ይመላለሳል። ይህን ሁሉ ተመላልሶ ከአንዱ ዛፍ በወቅቱ ሁሉ የሚያገኘው ዕጣን ብዙውን ጊዜ አንድ ኪሎ አይሞላም።

ይህማ ጉልበት እንጂ ምን ጥበብ አለበት የሚል አንባቢ ይኖር ይሆናል። ለእርሱ የምንሰጠው መልስ የሚገኘው ከዛፉ ሰውነት ውስጥ ነው። ሞቱማ ቶለራና ባልደረቦቹ በ2005 ዓ.ም. ያሳተሙት ጥናት እንደሚያስረዳው፣ ሙጫው የሚመላለስባቸው በሥራ ላይ ያሉ ቧንቧዎች የሚገኙት በውስጠኛው ልጣጭ ውስጥ በአማካይ 6.6 ሚሊ ሜትር በሆነች ስስ ንብርብር ላይ ብቻ ነው። ይህ ማለት ከትንሽ ጣት ጥፍር ስፋት ያነሰ ነው። መላጫው እዚያ ካልደረሰ ዕጣኑ አይፈስም፤ ከዚያ አልፎ እንጨቱን የነካ እንደ ሆነ ደግሞ ቁስሉ በቀላሉ አይሽርም። ለቃሚው ይህን የሚለካው በማስመሪያ አይደለም፤ በእጁ ስሜት ነው። አንዱ ዛፍ ወፍራም፣ አንዱ ቀጭን፣ አንዱ ባለፈው ዓመት የተጎዳ ይሆናል፤ እጅ ይህን ሁሉ ለይቶ ማወቅ አለበት።

የጥናቱ ሰዎች ሌላም ነገር አግኝተዋል። አበጀ እሸቴና ተባባሪዎቹ በ2004 ዓ.ም. እንዳስታወቁት፣ በአንድ ዛፍ ላይ የሚላጡት ሥፍራዎች ቁጥር ሲጨምር የሚገኘውም ዕጣን ይጨምራል፤ ነገር ግን ዘጠኝ ከደረሰ በኋላ ቢጨመርም ዕጣኑ አይበዛም። የግንዱ ውፍረትም ከ20 ሳንቲ ሜትር ካለፈ በኋላ ትርፉ እዚያው ይቆማል። እንግዲህ ትልቁን ዛፍ በአሥራ አምስት ወይም በሃያ ቦታ የሚያቆስለው ሰው ዛፉን በከንቱ ያደክመዋል እንጂ አንዲት ፍሬ ዕጣን አይጨምርም። የሚያውቅ ለቃሚና የማያውቅ ለቃሚ የሚለዩት እዚህ ላይ ነው። ለማቆም ማወቅም ከሙያው አንዱ ክፍል ነውና።

ከተለቀመ በኋላ ዕጣኑ ወደ መጋዘን ይገባል። እዚያ ሴቶች ተቀምጠው ትልቁን ከትንሹ፣ ነጩን ከጠቆረው፣ ንጹሑን ልጣጭ ከተቀላቀለበት እየለዩ በየደረጃው ያስቀምጡታል። ነጭና ትልልቅ የሆነው አንደኛ ደረጃ ይባላል፤ የመጨረሻው ደረጃ ልጣጩና አቧራው ነው። በንግዱ ዓለም የዚህ ዛፍ ዕጣን በጠቅላላው «የትግራይ ዓይነት» ተብሎ ይጠራል፤ የመተማውም በዚሁ ስም ይሸጣል። በጀርመን አገር ሽቶ የሚቀባ ሰው ወይም በቻይና መድኃኒት የሚወስድ ሰው የመተማን ስም ሳይሰማ ዕድሜውን ይጨርሳል። ይህን ያህል የሚያስቆጭ ነገር ባይሆንም ማንሣቱ አይከፋም።

አሁን ወደ ለቃሚው እንመለስ። በመተማ ቆላ ከሚሠሩት ለቃሚዎች ብዙዎቹ የአገሩ ተወላጆች አይደሉም። ከትግራይና ከጎንደር ደጋ ወረዳዎች ለወቅቱ ወርደው፣ በጫካ ሰፍረው፣ ወቅቱ ሲያልቅ ወደ ቤታቸው የሚመለሱ ናቸው። የቆላው ነዋሪ ሰሊጥና ጥጥ ማምረት ይመርጣል፤ በዚህም አይፈረድበትም። ዕጣን መልቀም በፀሐይ ሐሩር ከዛፍ ዛፍ መዞር፣ ውሃ በሩቁ መቅዳት፣ በሜዳ ማደር ነው። ወባው አለ፤ በአሸዋ ዝንብ የሚተላለፈው ካላዛርም አለ። ይህ በሽታ በመተማና በሁመራ ቆላ ከደጋ ለሥራ የሚወርደውን ጎልማሳ አስቀድሞ የሚያጠቃ መሆኑን ሐኪሞቻችን ከብዙ ዓመታት ጀምሮ ጽፈውታል።

በዚህ ላይ የጊዜው ሁኔታ ተጨመረበት። በጥቅምት 2013 ዓ.ም. በሰሜን የተነሣው ጦርነት ከትግራይ ወደ መተማ የሚያመጣውን መንገድ ቆረጠው። በሚያዝያ 2015 ዓ.ም. በሱዳን ጦርነት ሲፈነዳ በገላባት በኩል የሚመላለሰው ንግድ ታወከ፤ ስደተኛውም በመተማ በኩል ገባ። በዚያው ዓመት ማለቂያ ላይ በአማራ ክልል ግጭት ሲስፋፋ ደግሞ በጫካ ሰፍሮ መሥራት ይቅርና በመኪና መንገድ መጓዝም አስጊ ሆነ። የዕጣን ለቀማ ሙያ የሚተላለፈው በትምህርት ቤት አይደለም፤ ወጣቱ ከሸመገለው ጋር አንድ ወቅት ውሎ አድሮ እጁን አይቶ ይማራል። ልምድ ያለው ሰው ሁለትና ሦስት ወቅት ከቀረ፣ በአራተኛው ወቅት ስለታም መላጫ ይዞ ወደ ዛፉ የሚቀርበው ምንም ያልተማረ እጅ ይሆናል።

እስከዚህ ድረስ ያልነው ሁሉ ስለ ሰው ነው። የነገሩ ከባድ ክፍል ግን የሚጀምረው ስለ ዛፉ ስንናገር ነው።

በ2004 ዓ.ም. አንድ የሆላንድና የኢትዮጵያ ተመራማሪዎች ቡድን በመተማ አካባቢ ያጠናውን ይፋ አደረገ። ቡድኑ የሚለቀሙትንም የማይለቀሙትንም በጠቅላላው 12 የዕጣን ዛፍ ሥፍራዎች ተከታትሎ፣ 4,370 ዛፎችንና 2,228 ቡቃያዎችን ቆጥሮ ለክቶ ነበር። የደረሰበትም ውሳኔ፣ ነገሩ በዚሁ ከቀጠለ የዛፎቹ ቁጥር በ50 ዓመት ውስጥ በ90 በመቶ ይቀንሳል፤ የሚገኘውም ዕጣን በ15 ዓመት ውስጥ በግማሽ ይጎድላል የሚል ነው። በ2011 ዓ.ም. ደግሞ ፍራንስ ቦንገርስ የሚባሉት ምሁርና ባልደረቦቻቸው ጥናቱን አስፍተው 23 ሥፍራዎችንና 21,786 ዛፎችን ተመልክተው ከሦስት አራተኛው በሚበልጡት ሥፍራዎች ላይ ወጣት ዛፍ የሚባል አለመኖሩን፣ ለብዙ ዐሥርት ዓመታትም አዲስ ዛፍ ሳይተካ መቅረቱን አስታወቁ። ይህ ማለት አንድ መንደር ገብተን ሽማግሌዎችንና ሕፃናትን ብቻ አግኝተን፣ የሃያና የሠላሳ ዓመት ሰው አንድም ሳናይ እንደ መውጣት ያለ ነው።

ይህን የሰማ ሰው ወዲያው የሚወነጅለው ለቃሚውን ነው። ዛፉን የሚያቆስለው እርሱ ስለ ሆነ፣ የገደለውም እርሱ መሆን አለበት ይባላል። በዚህ አሳብ ውስጥ እውነት የለም ለማለት አንደፍርም። በኤርትራ የተደረገ ጥናት ያልተለቀሙ ዛፎች ዘር ከመቶው ከ80 በላይ ሲበቅል፣ በብርቱ ከተለቀሙት ዛፎች ዘር ግን ከመቶው 16 እንኳ አለመብቀሉን አሳይቷል። የቆሰለ ዛፍ ኃይሉን ቁስሉን ለመድፈን ስለሚያውለው ለዘሩ የሚተርፈው ጥቂት ነው። ለዛፍ ዕረፍት መስጠት እንደሚያስፈልግ ከዚህ የተሻለ ማስረጃ አይገኝም።

ነገር ግን የመተማው ጥናት ያገኘውን ሌላውን ነገር አንባቢ ልብ ይበልልን። የማይለቀሙት ዛፎች የሚገኙባቸው ሥፍራዎችም እንደሚለቀሙት ሁሉ ወደ መጥፋት እያመሩ ነው። መላጫ ያልነካው ዛፍም ልጅ አላሳደገም። በመተማ ዘሩ ይበቅላል፤ ከላይ የጠቀስናቸው ከሁለት ሺህ የሚበልጡት ቡቃያዎች የተገኙት እዚያው ነው። የጠፋው ከቡቃያነት አልፎ ወጣት ዛፍ የሆነው ነው። ስለዚህ ለቃሚውን አስወጥተን ጫካውን ብንዘጋው እንኳ በዚህ ብቻ ዛፉ አይድንም። እኛ ይህን ባነበብን ጊዜ የነበረንን አስተያየት መለወጥ ግድ ሆኖብናል፤ ከዚያ በፊት እኛም ከወንጃዮቹ ወገን ነበርንና።

ታዲያ ቡቃያውን ምን ያስቀረዋል? የዕጣን ዛፍ ቡቃያ በክረምት ይበቅላል፤ በጋ ሲገባ ከመሬት በላይ ያለው ክፍሉ ይደርቅና ሥሩ ብቻ በሕይወት ይቆያል፤ በሚቀጥለው ክረምት እንደገና ያቆጠቁጣል። እንዲህ እየሞተ እየተነሣ ብዙ ዓመት ይኖራል እንጂ በአንድ ጊዜ አይመዘዝም። በነዚህ ዓመታት ውስጥ ከብቱ ይግጠዋል፣ ይረግጠዋል። ሣሩ በደረቀ ጊዜ መሬት ለማጽዳት ወይም አዲስ ሣር እንዲያቆጠቁጥ ተብሎ የሚለቀቀው እሳት ይለበልበዋል። ከዚህ ሁሉ አምልጦ ትልቅ የሆነውን ዛፍ ደግሞ ግንዱን የሚቦረቡር ረጅም ቀንድ ያለው ጥንዚዛ ይገባበታል፤ ከውስጥ የተበላው ዛፍም በነፋስ ይወድቃል።

የመሬቱም ነገር አለ። በ1995 ዓ.ም. በተጀመረው የሰፈራ ፕሮግራም ከተጨናነቀው ደጋ ብዙ ሕዝብ ወደ መተማና ወደ ቋራ ወርዷል። ከጥንት ጀምሮ በዚያ ቆላ የሚኖሩት ጉሙዞችና ሌሎቹ ነባር ነዋሪዎች በነበሩበት ላይ አዲስ መንደር ተጨመረ፤ ማገዶውም፣ እርሻውም፣ የግጦሹም ፍላጎት በዚያው ልክ አደገ። ባለ ሀብቱም ለሰሊጥ መሬት እየወሰደ መነጠረ። ሰሊጥ በአንድ ክረምት ተዘርቶ ተሰብስቦ ገንዘብ ይሆናል፤ የዕጣን ዛፍ ለመለቀም እስኪደርስ ግን የዘራው ሰው ልጅ ያድጋል። አንድ ገበሬ ከሁለቱ ሰሊጡን ቢመርጥ ሞኝ ነው የሚለው ማን ነው?

እንግዲህ ከጅምሩ ወደ ጠየቅነው ጥያቄ ደረስን። እስቲ የዓመቱን ወራት እንቁጠራቸው። ለቃሚው በጥቅምት ይመጣል፤ በሰኔ ይሄዳል። ቡቃያው የሚበቅለው እርሱ ከሄደ በኋላ ነው። ሲመለስ ቡቃያው ደርቆ በሣር ውስጥ ተደብቆ ይቆየዋል፤ እርሱም የሚመለከተው ትልቁን ግንድ እንጂ ከእግሩ ሥር ያለውን አይደለም። ክፍያው በኪሎ በሆነበት ሥፍራ ሁሉ ደግሞ አንዲት ተጨማሪ ቁስል የዛሬ እንጀራ ናት፤ የዛፉ ዕረፍት ግን ለማያውቀው ለሚቀጥለው ዓመት ሰው የሚተርፍ ነው። ያሠማራው ነጋዴም ቢሆን ጫካውን የያዘው በውል ነው፤ ውሉ አጭር ከሆነ አሳቡም አጭር ይሆናል። ከብት የሚያግደው ነዋሪ ከዕጣኑ ሽያጭ የሚደርሰው ነገር ከሌለ ከብቱን ከቡቃያው የሚመልስበት ምክንያት አይኖረውም። መንግሥት ባለቤት ነው ይባላል፤ ነገር ግን የወረዳው የደን ባለሙያ በዚያ ሰፊ ቆላ ላይ በእግሩ ዞሮ የትኛውን ዛፍ ይጠብቃል?

በአጭሩ፣ ዛፉ የሚለቅመው አለው፣ የሚሸጠው አለው፣ ግብር የሚቀበልበትም አለው፤ ዓመቱን ሙሉ አብሮት የሚኖር ባለቤት ግን የለውም። ሌላው የእጅ ጥበብ የሚጠፋው ዕቃው ሳይፈለግ ሲቀር ነው። ይህኛው ግን ዕቃው እየተፈለገ፣ እጁም እያለ፣ ጥበቡ የሚያርፍበት ነገር ከሥሩ እያለቀበት ነው።

አንዳንድ ሰዎች የሚያቀርቡት መፍትሔ ለቃሚውን ማሠልጠን ነው። ይህን አንቃወምም። ዘጠኝ ቦታ ይበቃል፣ ቀጭኑን ዛፍ ተው፣ ከእንጨቱ አትድረስ ብሎ ማስተማር ያስፈልጋል፤ በተለይም የቀድሞዎቹ ለቃሚዎች በቀሩባቸው በነዚህ ዓመታት በጣም ያስፈልጋል። ነገር ግን ከላይ እንዳየነው በደንብ የሠለጠነ ለቃሚም ቢሆን በሰኔ ይሄዳል። ሌሎች ደግሞ እንትከል ይላሉ። የዕጣን ዛፍ ከቅርንጫፉ ተቆርጦ ቢተከል ሊጸድቅ እንደሚችል በሙከራ ታይቷል፤ ይህም መልካም ነው። የተተከለውን ግን ከብትና እሳት ከዘር ከበቀለው ለይተው አይምሩትም። በቋራ በኩል በ1998 ዓ.ም. የተቋቋመው የአልጣሽ ብሔራዊ ፓርክ ለአራዊቱም ለደኑም ትልቅ ነገር ነው፤ ሆኖም ፓርክ ዛፉን ያቆያል እንጂ ሙያውን አያቆይም።

በእኛ አስተያየት ነገሩ የሚፈታው ከዕጣኑ የሚገኘው ገንዘብ ከፊሉ እዚያው ለሚኖረው ሰው ሲደርሰውና ጥበቃውም በስሙ ሲጻፍ ነው። ሕጉም ለዚህ አልዘጋም። ከዚህ በፊት የነበረው የ1999 ዓ.ም. የደን አዋጅ የመንግሥትንና የግልን ደን ብቻ ያውቅ ነበር። በ2010 ዓ.ም. የወጣው ቁጥር 1065 አዋጅ ግን የማኅበረሰብንና የማኅበርን ደንም ለይቶ አስፍሯል። ስለዚህ አንድ ቀበሌ ወይም አንድ ማኅበር የተወሰነ የዕጣን ደን ተቀብሎ ባለቤት ሊሆን ይችላል። ያን ጊዜ ከደጋ የሚወርደው ለቃሚ አይባረርም፤ ሙያው የእርሱ ነውና ይፈለጋል። የሚለወጠው የሚቀጥረው ሰው ነው፤ ቀጣሪው በሚቀጥለው ዓመትም፣ ከሃያ ዓመት በኋላም ከዚያው ሥፍራ የሚገኝ ይሆናል። የነዋሪው ልጅም ከደጋው ሰው ጋር አንድ ሁለት ወቅት ቢሠራ ሙያው ለመጀመሪያ ጊዜ ክረምት ከበጋ በቆላው ውስጥ ያድራል።

ይህ ቀላል ነው አንልም። ማኅበር ተቋቁሞ ሊቀ መንበሩ ብቻ የበለጸገበትን ታሪክ ሁላችንም ሰምተናል። ሰላም በሌለበት ቦታ አጥር ማጠርና ደን መቁጠር ቅንጦት መስሎ ሊታይ እንደሚችልም እናውቃለን። ነገር ግን ሰላም እስኪወርድ እንጠብቅ ቢባል እሳቱና ጥንዚዛው አብረውን አይጠብቁም። ከሦስት ሺህ አምስት መቶ ዓመት ገደማ በፊት የግብፅ ንግሥት ሐትሼፕሱት ፑንት ወደሚባለው አገር መርከቦች በላከች ጊዜ፣ መልእክተኞቿ ይዘው የተመለሱት ሙጫውን ብቻ አልነበረም፤ ዛፎቹን ከነሥራቸው በቅርጫት ተሸክመው ሲሄዱ በቤተ መቅደሷ ግድግዳ ላይ ተቀርጸው ይታያሉ። እኛ ግን ዛፉ በገዛ ደጃችን በቅሎልን ሳለ እስከ ዛሬ የምንመዘግበው ኩንታሉን ብቻ ነው።

ከአንባቢዎቻችን መካከል በሚመጣው ዓመት ወይም ከዚያ በኋላ በገንዳ ውሃ፣ በሽንፋ ወይም በቋራ በግብርና፣ በደን ወይም በኅብረት ሥራ ጽሕፈት ቤት የሚመደቡ ይኖራሉ። ቆላ ደረሰብኝ ብለው ዝውውር ከመጠየቃቸው በፊት አንድ ነገር እንዲያዩልን እንለምናቸዋለን። ይኸውም የዕጣን ውል የሚጻፍበት ወረቀት ነው። ስንት ኩንታል እንደሚወጣ የሚሞላበት ቦታ ይኖረዋል። ስንት ወጣት ዛፍ እንዳለ፣ የትኛው ክፍል በዚህ ዓመት እንደሚያርፍ፣ እሳት ቢነሣ ማን እንደሚጠየቅ፣ በክረምት ማን እንደሚጠብቅ የሚሞላበት ቦታ ከሌለው ግን ያ ውል ስለ ዛፉ ምንም የሚለው ነገር የለም። የእሳት መከላከያው መሥመር የሚጠረገው ሣሩ ሳይነድ በኅዳር ነው፤ ለቃሚዎቹም በጥቅምት ይገባሉ። ስለዚህ ነዋሪውን ሰብስቦ ለመነጋገርና ውሉን ለማረም ያለው ጊዜ ከሐምሌ እስከ መስከረም ያሉት ወራት ናቸው፤ ቡቃያውንም በዓይን አይቶ ለመቁጠር የሚቻለው በነዚሁ ወራት ነው።